ወደ ቴኪላ ደርሶ መልስ፦ ለጥንቁቅ መንገደኛ የተሰጠ ምክር

አዲስ አበባ ላለ ዘመድዎ ደውለው «ሜክሲኮ ልሄድ ነው» ቢሉ የሚያገኙት መልስ «ኧረ የታክሲው ሰልፍ ዛሬ አይቻልም» የሚል ነው። አይቀየሙት። ለአብዛኞቻችን ሜክሲኮ ማለት ረዳቱ በመስኮት ተንጠልጥሎ ስሙን ሦስት ጊዜ የሚጠራው አደባባይ ነው። አደባባዩ ስሙን ያገኘው ግን እንዲያው አይደለም። ፋሺስት ጣሊያን ኢትዮጵያን በያዘች ጊዜ ወረራውን አንቀበልም ብለው ከጸኑ ጥቂት አገሮች አንዷ ሜክሲኮ ነበረች። እነሱም በፈንታቸው ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ «ኢትዮጵያ» የሚባል የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያ አላቸው፤ ምልክቱ የአንበሳ ራስ ነው። ይህን ታሪክ ከቁርስ በፊት በቃልዎ ያጥኑት። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት በኋላ ለአስጎብኚው፣ ለሾፌሩ፣ አጠገብዎ ለተቀመጡት ባልና ሚስት፣ አደባባይ ላይ ለቆመው ፈረስ ሳይቀር ደጋግመው የሚነግሩት ይህንኑ ስለሆነ፣ ቢያንስ ሳይሳሳቱ ይንገሩት።

ምክሬ ከመጽሐፍ የተቀዳ አይደለም፤ በልምድ የተገኘ ነው። ከሎስ አንጀለስ ተነሥተን ጓዳላሃራ የሄድነው ከአጎቴ ጋር ነበር። ጋሼ፣ ቤተሰቡ ሁሉ እንዲህ ነው የሚላቸው፣ ጡረታ የወጡ የታክሲ ሾፌር ናቸው። ያደጉት ደግሞ አረቄ አውጥተው፣ ሸጠው፣ ስድስት ልጅ ለወግ ለማዕረግ ካበቁ እናት ጓዳ ነው። ስለዚህ በመጠጥ ነገር አስተማሪ አይወዱም። «ቴኪላ» የሚለውን ስም እንዲለምዱት አውሮፕላን ውስጥ ብዙ ጥሬያለሁ። አልሆነም። እስከ ዛሬም «ተኩላ የሄድን ጊዜ» ነው የሚሉት።

ቴኪላ መጠጥ ከመሆኑ በፊት ከተማ ነው። ሃሊስኮ በሚባለው ግዛት፣ ከጓዳላሃራ በስተሰሜን ምዕራብ 60 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ በዚያው ስም ከሚጠራ የሞተ እሳተ ገሞራ ሥር ተኝቷል። ስሙን በፈረንጅ አቆጣጠር ከ1974 ጀምሮ ሕግ ይጠብቀዋል፤ ሃሊስኮንና በሌሎች አራት ግዛቶች ያሉ የተወሰኑ ወረዳዎችን ለቀው ያወጡት እንደሆነ፣ ምንም ያህል ቢጣፍጥ ቴኪላ ብለው ሊሸጡት አይችሉም። በ2006 ደግሞ ዩኔስኮ የአጋቬ ማሳዎቹንና ጥንታዊ ማውጫዎቹን በዓለም ቅርስነት መዝግቧቸዋል። ይህ ለእርስዎ ትልቅ ነገር ነው፤ ሚስትዎ የት ዋልክ ሲሉዎት «የዓለም ቅርስ ስጎበኝ» ብለው መመለስ ይችላሉ፤ ላሊበላ የተሳለመ ሰውም ከዚህ የተለየ ቃል የለውም።

ወደዚያ የሚወስዱ መንገዶች ሦስት ናቸው። በቅንጡ ባቡር መሄድ ይቻላል፤ ባቡሩ ውስጥ ገና ከመነሻው ጀምሮ መጠጥ ስለሚቀዳ ማሳውን በመስኮት የሚያዩት ሁለት ሁለት ሆኖ ነው። መኪና ተከራይቶ ራስ ነድቶ መሄድም ይቻላል፤ ይህን የሚያስብ ሰው ግን ወይ አይጠጣም፣ ወይ አያስብም። ሦስተኛው አስጎብኚ ያለው ሚኒባስ ነው። ከሆቴልዎ ደጅ ያነሣዎታል፣ ማሳና ማውጫ ያሳይዎታል፣ ያቀምስዎታል፣ ማታ መልሶ ደጅዎ ላይ ያራግፍዎታል። እኔ የምመክረው ይህንን ነው።

አሁን ወደ ዋናው ቁም ነገር ልግባ። የዚህ ጉብኝት ፕሮግራም የተቀመጠው ተገልብጦ ነው። ጠዋት፣ አእምሮዎ እንደ ብርጭቆ በጠራበት ሰዓት፣ የሚጠየቁት ነገር ቢኖር መቀመጥና በመስኮት ማየት ብቻ ነው። ገንዘብ ማውጣት፣ ዋጋ ማወዳደር፣ ፊርማ መፈረም፣ የሻንጣ ክብደት መገመት፣ የትኛው መኪና የእርስዎ እንደሆነ መለየት፣ ይህ ሁሉ የሚመጣው ከስድስተኛው መለኪያ በኋላ ነው። ማን እንደዚህ እንዳደረገው አላውቅም፤ ሱቁን በመውጫው በር ላይ የሠራው ሰው ግን ሞኝ አልነበረም። ስለዚህ ማሰብ ያለበትን ሁሉ ጠዋት አስበው ይጨርሱ። ቁርስዎን በደንብ ይብሉ፤ እንቁላሉንም፣ ባቄላውንም፣ የበቆሎ ቂጣውንም። በባዶ ሆድ የማርያም ጽዋ እንኳ አይጠጣም። ከቁርስ በኋላ ወረቀት አውጥተው ለከሰዓቱ ሰውዬ ደብዳቤ ይጻፉለት። የከሰዓቱ ሰውዬ እርስዎ ቢሆንም አያውቁትም፤ እሱም እርስዎን አያከብርም። በመሥሪያ ቤት ወግ ካልተጻፈለት አይሰማም። እኔ እንዲህ ብዬ ጻፍኩለት፦

«ለ፦ ከሰዓት በኋላ ላለሁት ለእኔ። ጉዳዩ፦ የጠርሙስ ግዢን ይመለከታል። ከላይ በርዕሱ ለመግለጽ እንደተሞከረው፣ በዛሬው ዕለት ከሁለት ጠርሙስ በላይ መግዛት የማይፈቀድ ሲሆን፣ ሰፊ ክፈፍ ያለው ባርኔጣ ግዢ ሙሉ በሙሉ የተከለከለ መሆኑን እየገለጽኩ፣ ለተግባራዊነቱ የተለመደው ትብብርዎ እንዳይለየኝ በአክብሮት እጠይቃለሁ። ከሰላምታ ጋር። ግልባጭ፦ ለባለቤቴ።»

ማህተም ስላልነበረኝ ቡና የነካ የስኒ ቂጥ ተጫንኩበት። ከደብዳቤው ጀርባ ደግሞ የመኪናውን ታርጋ ጻፍኩ። ይህን ምክር በቀላሉ አይለፉት። በዚያ ከተማ የሚመላለሱት የጎብኚ ሚኒባሶች ሁሉም ነጭ ናቸው፣ ሁሉም አቧራ ለብሰዋል፣ የሁሉም ሾፌር ጥቁር መነጽር አድርጓል።

እኛን የወሰደን አስጎብኚ ጢሙን በእንክብካቤ ያሳደገ ወጣት ነበር። ከመነሣታችን በፊት ወንበር ወንበራችንን እየነካ ቆጠረን። 13 ነን። «ማታም 13 ሆነን ነው የምንመለሰው» አለ። ሁላችንም ሳቅን፤ ጠዋት ነበራ።

ከከተማው ወጥተው የቴፒክን አውራ ጎዳና ይዘው ጥቂት እንደሄዱ መሬቱ ሰማያዊ ይሆናል። ውኃ መስሎኝ ነበር። አጋቬ ነው፤ ቀዩ አፈር ላይ በመስመር በመስመር የተተከለ፣ እስከ ተራራው ግርጌ የሚዘልቅ፣ አመድ የተነሰነሰበት የሚመስል ሰማያዊ። እዚህ ላይ አንድ ሰው፣ ብዙውን ጊዜ ከኋላ ወንበር፣ «ቁልቋሉ እንዴት ያምራል!» ማለቱ አይቀርም። ያ ሰው እርስዎ እንዳይሆኑ። አጋቬ ቁልቋል አይደለም፤ በዘር የሰሪቲ ዘመድ ነው። ቃጫ የሚገኝበትን ሲሳል የሚያውቅ ሰው ግን ወንድሙን ወዲያው ይለያል፤ ያም አጋቬ፣ ያም ከዚያው ከሜክሲኮ ምድር የወጣ ነው። ለቴኪላ የሚፈቀደው ግን አንድ ዓይነት ብቻ ነው፣ ሰማያዊው።

ማሳው ውስጥ ሲወርዱ ሂማዶሩን ያገኙታል። ሂማዶር ማለት አጋቬውን የሚመለምለው ሰው ነው። ለጎብኚ ሲባል ነጭ በነጭ ለብሶ ቀይ መቀነት የታጠቀ ይቆማል፤ ከእሱ ወዲያ፣ ማሳው ጫፍ ላይ፣ ቆቡን ገልብጦ ያደረገና ጂንስ የለበሰ ሌላ ሰው ካዩ ሥራው ያለው እሱ ጋ ነው። መሣሪያው ኮዋ ይባላል፤ ረጅም እጀታ ያለው፣ ጫፉ ላይ እንደ ምጣድ ክዳን ክብ፣ እንደ ምላጭ የሰላ ብረት። ሰውየው ግራ እግሩን አጋቬው ላይ አሳረፈ። ኮዋውን ከላይ ወደ ታች፣ ከጫማው አፍንጫ ሁለት ጣት ያህል ርቆ ለቀቀው። እሾሃማው ቅጠል ወደቀ። አዞረው፤ ሌላው ወደቀ። ብረቱ ሲገባ ድምፁ ጥሬ ዱባ እንደ መክፈል ነው፤ ቁርጡ ላይ ነጭ ጭማቂ ቸፍ ይላል፤ ከቆዳ ጋር ከተነካካ ያሳክካል፣ እሱ ግን እጁን አልጠረገም። ጥቂት ደቂቃ ቆይቶ ቅጠሉ ሁሉ መሬት ላይ ነበር፤ መሐል ላይ የቀረው ትልቅ፣ ነጭና አረንጓዴ የተዥጎረጎረ ኳስ ነው። ፒኛ ይሉታል፣ አናናስ ማለት ነው። ቀላሉ 30 ኪሎ፣ ደህናው 70፣ አንዳንዱ ከዚያም በላይ ይመዝናል።

አስጎብኚው ተክሉ ለመቆረጥ የሚደርሰው ከስድስት እስከ ስምንት ዓመት ቆይቶ ነው፣ አበባ የሚሸከመው ግንድ ሲወጣም ስኳሩን እንዳይጨርሰው ቶሎ ይቆረጣል፣ አበባ ካወጣ በኋላማ ይሞታል እያለ በእንግሊዝኛ ሲያስረዳ፣ ጋሼ «እንሰት ነዋ!» አሉ። እውነታቸውን ነው። እንሰትም ዓመታት ይጠበቃል፣ ሊያብብ ሲል ይነቀላል፣ ካበበም በኋላ ይሞታል። የአጋቬውም ልጆች ከእናታቸው ሥር ነው የሚነሡት፤ ገበሬው ነቅሎ ይተክላቸዋል። ጋሼ ይህን ለሂማዶሩ በአማርኛ አስረዱት። ሰውየው በስፓኒሽ መለሰላቸው። ሁለቱም ራሳቸውን እየነቀነቁ ረጅም ሰዓት ተግባቡ። በዚያን ቀን ከተደረጉት ውይይቶች ሁሉ ሳይጠጡ የተደረገ እሱ ብቻ ስለሆነ እኔ በቁም ነገር እይዘዋለሁ።

ኮዋውን ይሞክሩ ይሉዎታል። ፎቶ ይነሡበትና ይመልሱ። እግርዎን ግን አጋቬው ላይ አያሳርፉ፤ ጫማዎንም፣ ጣትዎንም ይዘው መመለስ አለብዎት፣ ሁለቱም ደብዳቤው ላይ ባይጠቀሱም።

ማውጫው ጋ ሲደርሱ ፊትዎን የሚመታው ጠረን ነው። ስኳር ድንች፣ ማር፣ ትንሽ እርጥብ አፈር። ፒኛዎቹ ለሁለት ለአራት ተሰንጥቀው በጡብ ምድጃ ውስጥ ተደርድረው፣ በእንፋሎት አንድ፣ ሁለት፣ አንዳንድ ቦታ ሦስት ቀን ይበስላሉ። የሚቸኩሉት በትልቅ የብረት ድስት፣ ማለትም እንፋሎት አምቆ በሚይዝ ታንክ፣ ቀኑ ሳይመሽ ያበስሏቸዋል። ከዚህም የባሰ የሚቸኩሉ አሉ፤ ጥሬውን ፈጭተው በሙቅ ውኃ ስኳሩን አጥበው የሚወስዱ። አስጎብኚዎ ስለነዚህኞቹ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ስለ ጎረቤት ልጅ እንደሚያወራ ሰው ሆኖ ነው የሚናገረው።

ከበሰለው አጋቬ ቆረስ አድርገው ይሰጥዎታል። ቡናማ ነው፣ ይጣበቃል፣ ጭረት በጭረት ነው። ሸንኮራ አገዳ የበላ ሰው እዚህ ትምህርት አያስፈልገውም፤ ያኝኩ፣ ጭማቂውን ይምጠጡ፣ ምጣጩን ይትፉ። አጠገባችን የቆመች ወጣት ጎብኚ ግን ልትውጠው ስትታገል ዓይኗ እንባ አቀረረ። ጋሼ መዳፋቸውን ዘርግተው «ትፊ ልጄ፣ ትፊ» አሏት። በምን ቋንቋ እንደገባት እንጃ፣ ተፋች።

የበሰለው በወፍጮ ይጨመቃል፤ ድሮ ግን በቅሎ የሚጎትተው፣ ከእሳተ ገሞራ ድንጋይ የተጠረበ ትልቅ መንኮራኩር ነበር የሚደፈጥጠው። ታኦና ይባላል፤ ዛሬም ጥቂት ማውጫዎች ይሠሩበታል፣ ብዙዎቹ ግን ግቢው መሐል አቁመው ፎቶ ያስነሡበታል። ጭማቂው እርሾ ገብቶበት በገንዳ ውስጥ ቀናት ይቆያል። ገንዳው ላይ ጎንበስ ብለው ያዳምጡ፤ ይንሾካሾካል። ጋሼ ጎንበስ ብለው አዳመጡና «ድፍድፉ ደርሷል፣ ለነገ አይቆይም» ብለው ፈረዱ። አስጎብኚው ምን እንዳሉ ጠየቀኝ። ተረጎምኩለት። ወደ ሠራተኛው ሄዶ ጠይቆ ተመለሰና ዛሬ ማታ እንደሚጣራ ነገረን። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ጉብኝቱን የመሩት ጋሼ ናቸው።

ማጣሪያው ጋ ስንደርስ አንድ ነገር ገረመኝ። ቴኪላ ሁለት ጊዜ ነው የሚወጣው። መጀመሪያ የሚወጣውን ደካማ መጠጥ ሜክሲኮዎች «ኦርዲናሪዮ» ይሉታል። በአማርኛ ምን ማለት ነው? ተራ። እኛስ አንድ ጊዜ የወጣውን አረቄ ምን እንላለን? ተራ። ሁለተኛ የወጣውንስ? ዳግም። አስጎብኚው መዳቡን ጋን፣ ጠመዝማዛውን ቧንቧ፣ ማቀዝቀዣውን ውኃ እያሳየ ሲያስረዳ፣ ጋሼ እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው «ይሄ የእማዬ ነው፤ መቃውን ነው በመዳብ የቀየሩት» አሉ። መጀመሪያ የሚንጠባጠበውን ራስ ይሉታል፣ መጨረሻውን ጅራት፣ መሐሉን ልብ። ራሱና ጅራቱ ይለያል፤ የሚጠጣው ልቡ ነው። የተረፈው አተላስ ለከብት ይሰጣል ወይ ብለው ጋሼ ጠየቁ፤ አስጎብኚው የሰማው የመጀመሪያው እንዲህ ያለ ጥያቄ ሳይሆን አይቀርም፣ ዝም ብሎ ቆየ።

ከዚህ በኋላ ቅምሻ ይመጣል። ምክሩን እዚህ ጋ ጠበቅ አድርጌ ነው የምሰጥዎ፤ ይህን ክፍል ጠዋት ያንብቡት።

የሚቀርብልዎ በተርታ ነው። ብላንኮ ከማጣሪያው ወጥቶ በርሜል ያላየ፣ እንደ ውኃ የነጻ ነው፤ የአጋቬው ጠረን በግልጽ የሚገኘው እዚህ ላይ ነው፣ ከተጠየቁ እሱን እመርጣለሁ ይበሉ። ሬፖሳዶ፣ ያረፈ ማለት ነው፣ ቢያንስ ሁለት ወር በባሉጥ እንጨት ዕቃ ያረፈ ነው። አኜሆ ቢያንስ አንድ ዓመት፣ ከ600 ሊትር በማይበልጥ በርሜል የተቀመጠ ነው። ኤክስትራ አኜሆ ደግሞ ቢያንስ ሦስት ዓመት፤ ይህ ደረጃ በሕግ የታወቀው በ2006 ነው። እያረጀ በሄደ ቁጥር ቀለሙ ይጠቁራል፣ ጉሮሮ ላይ ይለሰልሳል፣ ዋጋው ግን አይለሰልስም። ጋሼ አኜሆውን ፉት ብለው፣ ብርጭቆውን ወደ ብርሃን አንሥተው፣ «ይሄስ የበግ ለምድ የለበሰ ተኩላ ነው» አሉ። የከተማውን ስም ባይዙትም ጠባዩን ይዘውታል።

አስጎብኚው አጠጣጥ ያስተምርዎታል። አየር ይሳቡ፣ ጥቂት ይጎንጩ፣ አፍዎ ውስጥ ያንከባልሉ፣ ይዋጡ፣ ከዚያ በአፍዎ አየር ያውጡ። 13 ሰው አብሮ ሲያወጣ ክፍሉ ውስጥ ክብሪት አለመጫሩ መልካም ነው። ብርጭቆውን አንድ ጊዜ አንደቅድቀው አይገልብጡት። እንደ ጠላ ጽዋ «እስከ አተላው» የሚባል ነገር የለም። ሎሚና ጨው ይጠይቃሉ? ይጠይቁ፤ ይሰጡዎታል፣ ነገር ግን አስጎብኚው ቀኑን ሙሉ ያስረዳውን የአጋቬ ጠረን በሎሚ ሲያጥቡት ፊቱን አይመልከቱት። «ትሉ የታለ?» ብለው ግን አይጠይቁ። ቴኪላ ትል የለውም፣ ኖሮትም አያውቅም። ትል የሚገባው በአንዳንድ የሜስካል ጠርሙስ ውስጥ ነው፤ እሱም በ20ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ የመጣ የመሸጫ ዘዴ እንጂ የአባቶች ወግ አይደለም። ይህን ጥያቄ ከእኛ መሐል አንዱ ጠየቀ። አስጎብኚው ዓይኑን ጨፍኖ ሦስት ያህል ጊዜ ተነፈሰ።

ሱቁ ውስጥ ሲገቡ ደብዳቤዎን ያውጡ። ጠርሙሱ ላይ ሁለት ነገር ይፈልጉ። አንደኛ፣ ከአጋቬ 100 ፐርሰንት የሚል ጽሑፍ። ይህ ካልተጻፈበት፣ ሕጉ ስኳሩ 51 በመቶ ብቻ ከአጋቬ እንዲሆንና የቀረው ከሌላ፣ ለምሳሌ ከሸንኮራ፣ እንዲመጣ ይፈቅዳል፤ ያ መጠጥ ጠዋት ላይ ምን ዓይነት ንግግር እንደሚያደርግ ጭንቅላትዎ ይነግርዎታል። ሁለተኛ፣ ኖም የሚል ምልክትና ባለ አራት አሃዝ ቁጥር። ቁጥሩ የማውጫው መታወቂያ ነው። በተለያየ ስም፣ በተለያየ ዋጋ፣ አንዱ የራስ ቅል በሚመስል ጠርሙስ፣ ሌላው የሽጉጥ ቅርጽ ባለው የተሸጡ መጠጦች አንድ ቁጥር ይዘው ካገኙ፣ ከአንድ ግቢ የወጡ ናቸው። ይህን በ1994 የተቋቋመ ተቆጣጣሪ ምክር ቤት ይከታተላል። እኔ ይህን ሁሉ ጠንቅቄ አውቅ ነበር። ይሁንና የገዛሁት በጣም የሚያምረውን ጠርሙስ ነው።

ከዚያ በኋላ ከተማው ውስጥ አንድ ሰዓት ተኩል ነጻ ጊዜ ይሰጥዎታል። ነጻ የተባለው ከአስጎብኚው ነጻ ስለሆኑ እንጂ ከሌላ ነገር አይደለም። አደባባዩ ዙሪያ በርሜል የሚመስሉ፣ ጠርሙስ የሚመስሉ አውቶቡሶች ሰው ጭነው ሲዞሩ ያያሉ። ያዩት እውነት ነው፤ አይደናገጡ። በሸክላ ኩባያ ብርቱካን፣ ሎሚ፣ ግሬፕፍሩት ሶዳና ቴኪላ ቀላቅለው ካንታሪቶ ብለው ይሸጣሉ፤ ጭማቂ ይመስላል፣ እንደ ጭማቂ ይወርዳል፣ እንደ ጭማቂ ግን አይቀመጥም። በሸክላ መጠጣት ስለናፈቃቸው ጋሼ ሁለት ጠጡ።

ላ ካፒያ የሚባል ትንሽ ቡና ቤትም አለ። ስሙ ጸሎት ቤት ማለት ነው፤ ስለዚህ የት ነበርክ ለሚል ጥያቄ ሁለተኛ መልስ አገኙ። ባለቤቱ የነበሩት ዶን ሃቪየር ዴልጋዶ ኮሮና ባታንጋ የሚባለውን መጠጥ የፈጠሩ ናቸው፤ በ2020 አርፈዋል። መጠጡ ቴኪላ፣ ኮካ፣ ሎሚ፣ ከንፈሩ ጨው የተቀባ ብርጭቆ ነው፤ የሚማሰለው ሎሚው በተቆረጠበት ረጅም የወጥ ቤት ቢላ ነው። ቢላው ምሥጢሩ ነው ይላሉ። ቢላው ካለበት ቤት ምሥጢር አይጠየቅም፤ ጠጣሁ።

ከአደባባዩ ብዙም ሳይርቅ ላ ሮሄኛ ይገኛል፣ የኩዌርቮ ቤተሰብ ማውጫ። ቤተሰቡ በ1758 ከስፔን ንጉሥ መሬት አገኘ፣ በ1795 ደግሞ የማውጣት ፈቃድ። የድሮ ተፎካካሪያቸው ሳውሳ የተመሠረተው በ1873 ነው፤ ቴኪላ ሳይደርሱ የሚያልፉት አማቲታን ውስጥ ያለው ኤራዱራ በ1870። ኩዌርቮ ማለት ቁራ ነው፤ ግቢው ውስጥ ትልቅ የቁራ ሐውልት ቆሟል። ከቡድናችን አንዱ ሰውዬ «ከቁራው ጋር ፎቶ ተነሥቼ መጣሁ» ብሎ እንደሄደ አልተመለሰም። የቁራ መልእክተኛ ማለት ይኸው ነው። ልንፈልገው ጋሼና እኔ ሄድን። እሱን አላገኘነውም። መንገድ ላይ ግን አንድ ባርኔጣ ሻጭ አገኘን።

ስለ ባርኔጣው ብዙ አልልም። ደብዳቤው ጠዋት በመጣንበት መኪና የወንበር ኪስ ውስጥ ስለነበር መመሪያው በወቅቱ አልደረሰኝም። ክፈፉ በጣም ሰፊ ነው፤ በሚኒባስ በር የሚያልፈው በጎን ብቻ ነው።

የመነሻው ሰዓት ሲደርስ ነጩ ሚኒባስ አደባባዩ ጥግ ቆሞ ነበር፤ አቧራ ለብሷል፣ ሾፌሩም ጥቁር መነጽር አድርጓል። በጎን ገባን። ጋሼ ጠርሙሱን እንደ ሕፃን አቅፈው በመስኮቱ በኩል ተቀመጡ፤ እኔ ባርኔጣውን ጉልበቴ ላይ አድርጌ ለአጠገቤ ሰው ስለ ሜክሲኮ አደባባይ አጫወትኩት፤ ጥሩ አድርጎ ሰማኝ። መኪናው ተነሣ። ማሳዎቹ ፀሐይ ስትጠልቅባቸው ሰማያዊነታቸው ወደ ሐምራዊ ይሄዳል፤ ከቻሉ ይህን ሳይተኙ ይዩት።

አማቲታንን እንዳለፍን አስጎብኚዋ ተነሥታ ቆጠረች። ቆመች። እንደገና ከፊት ጀምራ ቆጠረች፤ ወረቀቷን አየች፣ ጣቷን አጠፈች፣ ዘረጋች። «16 ነን» አለች። «ጠዋት 14 ነበርን። ከእኛ ጋር ያልመጣ ሰው አለ?»

ሁሉም ዞር ዞር ብሎ ተያየ። እኔም እንዲህ ያለ ግዴለሽ ሰው ማን እንደሆነ ለማየት በባርኔጣዬ ላይ አሻግሬ ተመለከትኩ። ጋሼ ብቻ ዝም ብለው ሴትየዋን ሲያስተውሏት ቆዩና ወደ ጆሮዬ ጠጋ አሉ።

«ስማ» አሉኝ፣ «ጠዋት ያመጣን ልጅ ጢም አልነበረውም እንዴ?»